የሌለ ጀበና፣ ያለ ብርሃን

የተከበራችሁ ታዳሚዎች፣ የሥነ ጥበብና የኮምፒውተር ተማሪዎች፣ እንደምን አመሻችሁ።

በኮምፒውተር ሥዕል ታሪክ ውስጥ እጅግ የታወቀው ዕቃ የሻይ ማንቆርቆሪያ ነው። እ.ኤ.አ. በ1975 ማርቲን ኒወል የተባለ የዩታ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪ የቤቱን ማንቆርቆሪያ በወረቀት ላይ ነድፎ ቅርጹን ወደ ቁጥር ለወጠው። ዕቃው ራሱ ዛሬ ካሊፎርኒያ በሚገኘው የኮምፒውተር ታሪክ ሙዚየም ተቀምጧል። የተመረጠው ስለሚያምር ብቻ አይደለም። ክብ ሆድ አለው፤ እጀታው ውስጥ ቀዳዳ አለ፤ የመቅጃ አፉ በገዛ ሆዱ ላይ ጥላ ይጥላል። አንድ የሥዕል ፕሮግራም የሚፈተንባቸው ነገሮች ሁሉ አንድ ዕቃ ላይ ተሰብስበውለታል።

እኛም ለዚህ ሥራ የሚሆን ዕቃ ቤታችን አለን፤ ጀበና። ሆዱ ክብ ነው፣ አንገቱ ቀጭን ነው፣ እጀታው ቀዳዳ አለው። በዚያ ላይ ጥቁር ነው፣ ያብለጨልጫልም። ከማንቆርቆሪያው ይልቅ ከባድ የሚያደርገው ይህ የመጨረሻው ጠባዩ ነው፤ የዛሬው ንግግር አብዛኛውም በእሱ ዙሪያ ይሽከረከራል።

የማሳየው ነገር አንድ ነው። ተመልካች የሌለውን ዕቃ አለ ብሎ እንዲያምን የሚያደርገው የቅርጹ ዝርዝር ብዛት አይደለም፤ ብርሃኑ ከዕቃው፣ ዕቃውም ከተቀመጠበት ቦታ ጋር መስማማቱ ነው። 10 ሚሊዮን ሦስት ማዕዘኖች የተገጣጠሙበት ጀበና ብርሃኑ ከተሳሳተ ፕላስቲክ ይመስላል። 50 ሺህ ብቻ ያለው፣ ብርሃኑ ከተስተካከለ፣ ቡናው ሊሸተን ምንም አይቀረው።

ዓይንን የማሳመን ጥበብ ከኮምፒውተር በፊትም ነበር። ሮም ውስጥ በቅዱስ ኢግናጥዮስ ቤተ ክርስቲያን አንድሬያ ፖዞ እ.ኤ.አ. በ1685 ጉልላት በሌለበት ጣሪያ ላይ፣ በሸራ በሣለው ሥዕል፣ ጉልላት አስመስሏል። ወለሉ ላይ የመቆሚያ ምልክት አለ፤ ከምልክቱ ፈቀቅ ሲሉ ጉልላቱ ይጋደማል። እ.ኤ.አ. በ2020 ሶል ከተማ ውስጥ ዲስትሪክት የተባለው የኮሪያ ድርጅት 80 ሜትር ርዝመትና 20 ሜትር ከፍታ ባለው፣ የሕንፃ ማዕዘን ላይ በሚታጠፍ ግዙፍ ስክሪን ላይ የባሕር ማዕበል ሲላተም አሳየ። ዘዴው የፖዞ ነው፤ ከአንድ አቅጣጫ ሲያዩት ውኃው ሊደፋባችሁ ይደርሳል፣ ከጎኑ ሲሄዱ ተጣሞ ይታያል። የእኛ ጀበና ግን ተመልካቹ ዙሪያውን እየዞረ የሚያየው ነው። ምልክት ላይ ቆሞ እንዲያይልን ልንለምነው አንችልም።

እንግዲህ ከፎቶው እንጀምር። ዘዴው ፎቶግራሜትሪ ይባላል፤ ከብዙ አቅጣጫ የተነሡ ፎቶዎችን ፕሮግራሙ እያነጻጸረ የእያንዳንዱን ነጥብ ቦታ በስሌት ያገኛል። ሜሽሩም የተባለው ፕሮግራም ነፃ ነው፤ ዝርዝር ቅርጹን ለማውጣት ግን የኤንቪዲያ ግራፊክስ ካርድ ይጠይቃል። ካሜራው የስልክም ቢሆን 12 ሜጋፒክስል ካለው ይበቃል፤ ዋናው ነገር ፎከሱን፣ ኤክስፖዠሩንና የነጭ ሚዛኑን ቆልፎ ማንሣት ነው። ስልኩ በራሱ ፈቃድ አንዱን ፎቶ አድምቆ ሌላውን ካጨለመ የጀበናው ቀለም ዝንጉርጉር ይሆናል። ሌንሱ በሚቀየር ካሜራ ከሆነ አይኤስኦ (ካሜራው ለብርሃን ያለው ንቃት) 100፣ አፐርቸሩ (ብርሃን የሚገባበት የሌንሱ ቀዳዳ) ከኤፍ 8 እስከ ኤፍ 11 ይሁን፤ የኤፍ ቁጥሩ ሲጨምር ቀዳዳው ይጠባል። ወደ ኤፍ 16 እና ከዚያ በላይ ከሄዳችሁ ብርሃኑ በጠባቡ ቀዳዳ ሲያልፍ ስለሚበተን ፎቶው ይደበዝዛል።

ጀበናውን ሦስት ጊዜ ዙሩት፤ አንዴ ከዝቅታ፣ አንዴ በሆዱ ትክክል፣ አንዴ ከላይ በ45 ዲግሪ ገደማ። በየ15 ዲግሪው አንድ ፎቶ ብታነሡ ለአንድ ዙር 24፣ በጠቅላላው 72 ፎቶ ይሆናል። በየ10 ዲግሪው ከሆነ 108። ጎን ለጎን ያሉ ፎቶዎች ቢያንስ 70 በመቶ መደራረብ አለባቸው፤ በተለይ እጀታው ጋ ስትደርሱ ተጠጋግተው ይነሡ፣ ምክንያቱም እዚያ ከአንዱ ፎቶ ወደ ሌላው ብዙ ነገር ይሸፈናል፣ ብዙ ነገርም ይገለጣል። እናንተ ከምትዞሩ ጀበናውን በማዞሪያ ሳህን ላይ የምታዞሩት ከሆነ ጀርባው ምንም ምልክት የሌለበት ጨርቅ ይሁን። ግድግዳው ላይ ሥዕል ካለ ፕሮግራሙ ሥዕሉን አይቶ ካሜራው አልተንቀሳቀሰም ብሎ ይደመድማል፤ ፎቶዎቹም አይገጣጠሙም።

አሁን ወደ ማብለጭለጩ እንምጣ። ጀበናው ሆድ ላይ የመስኮቱ ነጸብራቅ አለ። ካሜራው ሲንቀሳቀስ ነጸብራቁም አብሮ ይንቀሳቀሳል፤ ፕሮግራሙ ግን ሸክላው ላይ የተሣለ ነጥብ ይመስለዋል። ውጤቱን ወዲያው ታውቁታላችሁ፤ ለስላሳ መሆን የነበረበት ሆድ ጎርበጥ ጎርበጥ ይላል፣ አንዳንድ ቦታም ይቦደሳል። ብዙ ጀማሪ ይህን ሲያይ ተጨማሪ ፎቶ ያነሣል። አይረዳም፤ ሐሰተኛ ምልክት ማብዛት ነው።

ሁነኛው መፍትሔ ሁለት ፖላራይዘር ነው፤ ፖላራይዘር በአንድ አቅጣጫ የሚርገበገበውን ብርሃን ብቻ የሚያሳልፍ ማጣሪያ ነው። አንዱን፣ በስስ ወረቀት መልክ የሚሸጠውን፣ መብራቱ ፊት ትለጥፋላችሁ። ሌላውን ሌንሱ ላይ ታደርጉና ነጸብራቁ እስኪጠፋ ድረስ ታዞሩታላችሁ። ከገጽታው ላይ ነጥሮ የሚመለሰው ብርሃን የተቀበለውን አቅጣጫ ጠብቆ ስለሚመለስ ሁለተኛው ማጣሪያ ያግደዋል፤ ወደ ሸክላው ገብቶ የወጣው፣ የዕቃውን ቀለም የያዘው ብርሃን ግን አቅጣጫው ተበታትኗልና ያልፋል። ዋጋው የብርሃን መቀነስ ነው፤ ካሜራው ከ4 እስከ 8 እጥፍ ያነሰ ብርሃን ያገኛል። በጥቁር ሸክላ ላይ ደግሞ የሚተርፈው ጥቂት ነው። ስለዚህ ካሜራው በትራይፖድ ላይ ይቁም፣ ሹተሩ ሩብ ሰከንድ ቢከፈት አትስጉ፣ ሌላ መብራት ሁሉ ይጥፋ፣ መስኮቱም ይሸፈን። ፖላራይዘር ያላለፈበት ብርሃን ከየትም ቢገባ ነጸብራቁን ይዞት ይመጣል።

ማጣሪያ ከሌላችሁ የክረምት ደመና አለላችሁ። በሐምሌና በነሐሴ ሰማዩ ሲከደን ከቤት ውጭ ያለው ብርሃን ከሁሉም አቅጣጫ እኩል ይመጣል፤ ነጸብራቁ አይጠፋም፣ ግን ደብዛዛና ሰፊ ስለሚሆን ፕሮግራሙን ያን ያህል አያሳስተውም። ዱቄት ነስንሶ ማብለጭለጩን መግደልም ይቻላል፤ ቅርጹ በደንብ ይወጣል፣ ቀለሙ ግን ይጠፋል። ይህን በቤት ጀበና ላይ ብቻ አድርጉት። የቅርስ ዕቃ ላይ ምንም ነገር አይነሰነስም።

አንድ ሌላ ነገር ፎቶ ከማንሣታችሁ በፊት፦ ጀበናው አጠገብ ማስመሪያ አስቀምጡ። ፎቶግራሜትሪ መጠን አያውቅም፤ 25 ሴንቲ ሜትር ጀበናና 25 ሜትር ጀበና ለእሱ አንድ ናቸው። ማስመሪያው ላይ 20 ሴንቲ ሜትር ርቀት ያላቸውን ሁለት ነጥቦች ትመርጡና ርቀታቸውን ትነግሩታላችሁ። ይህን የዘለለ ሰው ስህተቱ የሚገለጠው በመጨረሻ ነው። ጀበናው 10 እጥፍ ከገዘፈ 1 ሜትር ስፋት ያለው መስኮት ለእሱ ትንሽ መብራት ይሆናል፤ የጥላው ጠርዝ ስለታም ይሆናል፣ ከጀርባ መደብዘዝ የነበረበት ነገር ሁሉ ጥርት ብሎ ይታያል፣ ዕቃው ሐውልት ይመስላል። 10 እጥፍ ካነሰ ደግሞ የልጆች መጫወቻ ይሆናል። ተመልካቹ ምክንያቱን አይነግራችሁም፤ «የሆነ ነገር ጎድሎታል» ብቻ ይላል።

ፕሮግራሙ የሚያወጣው ጥሬ ቅርጽ ብዙ ሚሊዮን ሦስት ማዕዘኖች ይኖሩታል። ወደ 50 ሺህ ወይም 100 ሺህ ታወርዱትና ትንንሽ ጉድጓዱንና ጭረቱን ኖርማል ማፕ በሚባለው ምስል ላይ ታስቀምጣላችሁ። በዚህ ምስል ውስጥ ያሉት ቁጥሮች ቀለም ሳይሆኑ አቅጣጫ ናቸው፤ ብሌንደር በተባለው ነፃ የሥዕል ፕሮግራም ውስጥ እንደ ቀለም እንዳያነባቸው ካላዘዛችሁት ቁጥሮቹን ያዛባቸዋል፣ ጭረቱም ላይ ብርሃኑ ከተሳሳተ ጎን ይወድቃል። የቴክስቸሩ፣ ማለትም በቅርጹ ላይ የሚለበጠው ምስል፣ ስፋት 4096 በ4096 ፒክሰል ይበቃል። ሒሳቡ ይህ ነው፦ የአንድ ጀበና ገጽታ ወደ 1,000 ካሬ ሴንቲ ሜትር ነው ብንል፣ ከቴክስቸሩ 70 በመቶው ሥራ ላይ ቢውል፣ አንድ ፒክሰል 0.1 ሚሊ ሜትር ገደማ ይሸፍናል። ከዚያ በላይ የሚያስፈልገው ካሜራው ሸክላው ላይ ሊለጠፍ ሲቀርብ ብቻ ነው።

ከዚህ በኋላ ያለው የሥዕል ሥራ ነው፤ እዚህ ላይ ቆም ልበል። ጀበናው ምን ያህል ጥቁር ነው? ዓይናችን «ድብን ያለ ጥቁር» ይለናል፤ ብዙ ሰውም ቀለሙን ዜሮ ላይ ያደርገዋል። ዕቃው ያን ጊዜ ይሞታል። ከሰል እንኳ ካረፈበት ብርሃን 4 በመቶ ገደማውን ይመልሳል። ከ0 እስከ 255 በሚሄደው የተለመደ የቀለም መለኪያ ይህ 56 አካባቢ ነው፤ ስክሪን ላይ ሲያዩት ጥቁር ሳይሆን ጠቆር ያለ ግራጫ ይመስላል። አትፍሩት፣ እመኑት። ነጩ ሲኒ ደግሞ በተቃራኒው 255 አይሁን፤ 80 በመቶ የሚመልስ ነጭ 231 ላይ ነው። ልዩነቱ ትንሽ ይመስላል። ብርሃኑ በሲኒዎቹ መካከል 10 ጊዜ ሲነጥር ግን በ80 በመቶው የሚተርፈው 11 በመቶ ያህል ነው፣ በመቶ በመቶው ምንም አይቀንስም። ሲኒው ውስጡ እንደ አምፖል የሚያበራበት ሥዕል አይታችሁ ከሆነ ምክንያቱ ይህ ነው።

አሁን ሁለት ቁጥሮችን ጎን ለጎን አስቀምጡልኝ። ሸክላው በቀለሙ የሚመልሰው ብርሃን እንደ ከሰሉ 4 በመቶ ነው እንበል። የለሰለሰው ገጽታው ፊት ለፊት ሲያዩት እንደ መስተዋት አንጥሮ የሚመልሰው ደግሞ፣ ለአብዛኛው ብረት ላልሆነ ነገር እንደሚሠራው፣ ያው 4 በመቶ አካባቢ ነው። ወደ ሆዱ ጠርዝ፣ ገጽታው ከዓይናችን ሸሽቶ ወደሚታጠፍበት፣ ሲሄድ ይህ ሁለተኛው ወደ መቶ በመቶ ይወጣል። ስለዚህ ጀበና ስናይ ከምናየው ግማሹና ከዚያ በላይ ጀበናው አይደለም፤ ክፍሉ ነው። መስኮቱ፣ የበሩ ብርሃን፣ ቡና የምታፈላዋ ሴት ነጭ ቀሚስ፣ ሁሉም እዚያ ሆድ ላይ አሉ። ጥቁር ዕቃን በባዶ ግራጫ ክፍል ውስጥ አስቀምጦ እውነተኛ እንዲመስል መጠበቅ ከንቱ ነው፤ የሚያንጸባርቀው ነገር የለውም።

ገጽታውም አንድ ዓይነት አይሁን። አንገቱና እጀታው በእጅ ብዛት ለስልሷል፤ ራፍነስ የሚባለውን የሻካራነት መለኪያ እዚያ 0.35 አካባቢ ስጡት። ሥሩ በጥቀርሻ ሻክሯል፤ 0.8 ይሁን። አፉ ላይ ገንፍሎ የደረቀ የቡና መስመር ይኖራል። ይህን በግምት ከመሣል ይልቅ ከአንድ ቦታ ሁለት ፎቶ አንሡ፣ አንዱ ነጸብራቁ ታግዶ፣ አንዱ ሳይታገድ። በሁለቱ መካከል ያለው ልዩነት የትኛው ቦታ እንደሚያብለጨልጭ ራሱ ይነግራችኋል።

ብርሃኑን ከእውነተኛ ቦታ የማምጣት ዘዴ እ.ኤ.አ. በ1998 ፖል ዴቤቬክ ያሳየው ነው፤ የቦታውን ሙሉ ዙሪያ ፎቶ አንሥቶ ያንን ፎቶ ራሱን መብራት ማድረግ። ከጨለማ እስከ ብሩህ 7 ፎቶ፣ በየመካከሉ 2 ስቶፕ (የ4 እጥፍ ብርሃን) ልዩነት፣ ከዚያ ወደ አንድ ምስል ማዋሃድ። ክፍል ውስጥ ይህ ይበቃል። ውጭ ከሆነ ፀሐይዋን አይችላትም፤ ሴንሰሩ ሞልቶ ፀሐይዋ ከእውነተኛ ጉልበቷ እጅግ ያነሰች ነጭ ነጥብ ሆና ትቀራለች፣ ጥላውም ይጠፋል። ስለዚህ ከምስሉ ላይ ታጠፏትና በቦታዋ የፀሐይ መብራት ትተክላላችሁ፤ ስፋቷ 0.53 ዲግሪ ይሁን። በዚህ ስፋት 1 ሜትር የራቀ ነገር የሚጥለው ጥላ ጠርዙ 9 ሚሊ ሜትር ያህል ይደበዝዛል። የጀበናው እጀታ ከመሬት 10 ሴንቲ ሜትር ቢርቅ ድብዘዛው 1 ሚሊ ሜትር ነው፤ ከ3 ሜትር ከፍታ የሚወርደው የቆርቆሮ ጣሪያ ጠርዝ ጥላ ግን 3 ሴንቲ ሜትር ገደማ። ሁለቱም ጥላዎች እኩል የሰሉበት ሥዕል በፀሐይ የተነሣ አይመስልም።

በዚህ አገር ለሚሠራ ሰው ከሁሉ በላይ ልብ ሊባል የሚገባው የሚከተለው ነው። እንደ መብራት እንዲያገለግሉ በነፃ ከሚወርዱት የሰማይ ምስሎች ብዙዎቹ የተነሡት አውሮፓ ውስጥ ነው። በርሊን ላይ የእኩለ ቀን ፀሐይ በዓመቱ ከፍ ስትል 61 ዲግሪ፣ ዝቅ ስትል 14 ዲግሪ ናት። አዲስ አበባ በ9 ዲግሪ ሰሜን ላይ ስለሆነች በዓመቱ ዝቅተኛው የእኩለ ቀን ፀሐይ 57 ዲግሪ ተኩል ገደማ ነው፤ ሚያዝያ 5 እና ነሐሴ 23 አካባቢ ደግሞ ቀጥታ አናት ላይ ትቆማለች። ማለትም የእኛ ዝቅተኛ ከእነሱ ከፍተኛ ጋር ሊተካከል ምንም አልቀረውም። የአውሮፓ የመኸር ሰማይ ተጭኖበት ስድስት ሰዓት ላይ ሰው ሁሉ ረጅም ጥላ የሚጥልበት የመርካቶ ሥዕል ሲቀርብለት፣ እዚህ ያደገ ተመልካች ስሌቱን ባያውቅም እግሩ ሥር የተጠቀለለውን የቀትር ጥላ ያውቃል። ሰማይ አውርዳችሁ ስትጠቀሙ ፀሐይዋን አውጥታችሁ በቦታውና በሰዓቱ ልክ ትከሉ፤ ብሌንደር ቦታና ሰዓት ተቀብሎ የፀሐይዋን አቅጣጫ የሚያሰላ ተጨማሪ መሣሪያ አለው።

ጀበናው መሬት መንካቱም ራሱን የቻለ ሥራ ነው። ሥሩ ክብ የሆነው በማቶት ላይ ይቀመጣል፣ ማቶቱ በረከቦቱ ላይ፣ ከሥር ቄጠማ። በኮምፒውተር ውስጥ ዕቃዎች ክብደት የላቸውም፤ ጀበናው ከማቶቱ ግማሽ ሚሊ ሜትር ከፍ ብሎ ከተንሳፈፈ በሥሩ ብርሃን ያፈተልካል፣ ዓይን ደግሞ ይህን በፍጥነት ይይዛል። ከ1 እስከ 2 ሚሊ ሜትር ወደ ማቶቱ አስጥሙት። የረከቦቱ እግር ያረፈበት ቄጠማ መተኛት አለበት፤ ቅጠሉ እግሩን በስቶ ቀጥ ብሎ ከቆመ ተጋለጠ። የሲኒዎቹን ሥርም እዩ። ወለሉ ላይ በተቀመጠ ነጭ ሲኒ የታችኛው ጎን ላይ ከቄጠማው የተነሣ ስስ አረንጓዴ ይወድቃል። ማንም «አረንጓዴው ጎደለ» አይልም፤ ከጎደለ ግን ሲኒው ከሌላ ቦታ ተቆርጦ የተለጠፈ ይመስላል።

ሬንደሩን፣ ማለትም ፕሮግራሙ የመጨረሻውን ምስል አስልቶ ማውጣቱን፣ በተመለከተ አጭር ልሁን። ጂም ካጂያ እ.ኤ.አ. በ1986 ባቀረበው ስሌት መሠረት የሚሠሩት ፕሮግራሞች ብርሃኑን በናሙና ይገምታሉ፤ ናሙናው ሲያንስ ምስሉ አሸዋ የተበተነበት ይመስላል። አሸዋውን በግማሽ ለመቀነስ ናሙናውን 4 እጥፍ ማሳደግ ያስፈልጋል። አሸዋውን የሚጠርገውን የፕሮግራሙን ማጽጃ አብዝቶ መጠቀም የሸክላውን ጭረትና የቀሚሱን ጥለት አብሮ ይጠርጋል። የከሰሉ ፍም ወደ ጠፍጣፋ ብርቱካናማ ከተለወጠባችሁ ችግሩ የቀለም ማሳያው ነው፤ ብሌንደር ከ4.0 ጀምሮ ይዞት የመጣው ኤጂኤክስ ይህን በደንብ ያስተካክላል። በመጨረሻ የካሜራ ጉድለት ትጨምራላችሁ፣ ትንሽ የፊልም አሸዋ፣ ትንሽ የሌንስ መጣመም፤ ከጀርባው ያለው እውነተኛ ፎቶ ካለው መጠን ሳይበልጥ።

እ.ኤ.አ. በ2023 የወጣው ጋውሲያን ስፕላቲንግ የተባለው ዘዴ ብዙዎቻችሁን እንደሚስብ አውቃለሁ። ከእነዚያው ፎቶዎች ነጸብራቁን ጭምር ይይዛል፤ ዙሪያውን ሲዞሩ የመስኮቱ ብልጭታ በጀበናው ሆድ ላይ ይሄዳል። እጅግ ያምራል። ነገር ግን ብርሃኑ ከዕቃው ጋር ተጋግሯል፤ የጠዋቱን ጀበና ወደ ማታ ልትወስዱት ስትሞክሩ የጠዋቱ መስኮት አብሮ ይመጣል። ቦታን እንደነበረ ለማስቀመጥ ምረጡት፤ ዕቃን ወደ ሌላ ትዕይንት ለማስገባት የምትፈልጉ ከሆነ ግን ረጅሙን መንገድ ሂዱ።

አንድ የቀረ ነገር አለ፣ የጀበናው ውስጥ። በቀጭኑ አንገት በኩል ካሜራ የሚያየው ጥቂት ሴንቲ ሜትር ብቻ ነው፤ ከዚያ በታች ያለውን ፕሮግራሙ በግምት ይዘጋዋል፣ ቀለምም ይቀባዋል፤ ግምት መሆኑንም በምንም ምልክት አያሳይም። በጀበና ላይ ማንም አይጎዳም። በቅርስ ላይ ግን ነገሩ ይከብዳል። በኬፕ ታውን ዩኒቨርሲቲ የተመሠረተው የዛማኒ ፕሮጀክት የላሊበላን አብያተ ክርስቲያናት በሌዘር ስካነር ለክቷል። ቤተ ጊዮርጊስን ብቻ አስቡት፤ 12 ሜትር ገደማ ወደ ታች ተፈልፍሎ፣ ዙሪያው ጠባብ ቦይ ነው። በእንዲህ ያለ ቦታ ላይ መሣሪያ የሚቆምበት ስፍራ ስለሚያንስ ስካነሩ የማያየው ጥግ ምንጊዜም ይኖራል። ያ ጥግ በአጎራባቹ ድንጋይ ቴክስቸር ተሞልቶ ከቀረበ፣ ከ50 ዓመት በኋላ የሚመጣ ጠጋኝ የተለካውን ከተገመተው የሚለይበት መንገድ አይኖረውም። ቅርስን በኮምፒውተር ለማሳየት መመሪያ የሆነው የለንደን ቻርተር፣ እ.ኤ.አ. በ2009 በወጣው 2.1 እትሙ፣ የሚጠይቀውም ይህንኑ ነው፤ በማስረጃ የቆመውና በግምት የተሞላው ተለይቶ ይመዝገብ።

አሠራሩ ቀላል ነው። ፕሮግራሙ ቀዳዳ ከመድፈኑ በፊት ያለውን ቅርጽ ለብቻው አስቀምጡ። ከተደፈነ በኋላ አዲስ የገባውን ክፍል ሁሉ መርጣችሁ የተለየ ማቴሪያል ስጡት፣ ለምሳሌ ንጹሕ ማጀንታ (ደማቅ ሮዝማ ሐምራዊ)፣ በሸክላም በድንጋይም ላይ የማይገኝ ቀለም። ለሕዝብ በሚታየው ሥራ ላይ ማጀንታው ይሸፈናል፤ በፋይሉ ውስጥ ግን ይኖራል፣ የሚከፍተው ሰው በአንድ ጠቅታ ያየዋል። ጥሬ ፎቶዎቹ፣ የማስመሪያው ልኬት፣ የተነሡበት ቀንና ሰዓት ከፋይሉ ጋር በአንድ ማህደር ይቀመጡ። ለመለማመድ ዛሬ ማታ ቤታችሁ ያለውን ጀበና ውሰዱ። ማጀንታው ከአንገቱ በታች ሲጀምር ታገኙታላችሁ።